እንዝርት ስጧት

ቆላ ድባ በሄድሁ ቁጥር «መምህር፣ ደህና ገቡ?» ሳይል የማይቀር አንድ የሰፈር ልጅ አለ። የዛሬ ሁለት ዓመት ገደማ እንደ ልማዱ መጣና፣ ደጃፍ ላይ ፀሐይ ስሞቅ ከጎኔ ቁጭ አለ። ስልኩን ከኪሱ አወጣ፤ መልሶ ከተተው። አንድ ነገር ሊለኝ ፈልጎ እንደ ቸገረው ገባኝ።

«መምህር፣ ፊልም ልሠራ ነው።»

«እሰየው! ስለ ምን?»

«ስለ ሁለት ሰዎች። ቆመው ይጠብቃሉ።»

«ማንን?»

«አይታወቅም።»

«ይመጣል?»

«አይመጣም።»

ሳቄን ለቀቅሁት። ልጁ ጎዶን አግኝቶታል! ሳሙኤል ቤኬት የጻፈውን፣ ሁለት ጎስቋሎች አንድ ዛፍ ሥር ሆነው ጎዶ የሚባለውን ሰው የሚጠብቁበትን ተውኔት ማለቱ ነው። በእንግሊዝኛ፣ ከስልኩ ላይ፣ መዝገበ ቃላት እያገላበጠ አንብቦታል። መድረክ ላይ ሁለት ሰዓት ያህል የሚፈጀውን ተውኔት ስምንት ደቂቃ ሊያደርገው አስቧል። አንድም ንግግር የለበትም።

«ንግግሩን ካወጣኸው ታዲያ ምን ቀረህ?» አልሁት።

«መጠበቁ» አለኝ።

እንግዲህ መምህርነትን ትቸዋለሁ የሚል ሰው ውሸቱን ነው። መምህርነት እንደ ወባ ነው፤ ለቀቀኝ ስትሉት ይነሣል። ተነሣብኝ። ለልጁ ያንን የድሮውን ሌክቸሬን አወረድሁለት። «ስማ፣ ይኼ ነገር የኛ አይደለም። አብሰርድ የሚባለው፣ አንዳንዶቻችን 'ወለፈንድ' እያልን ልንተረጉመው የሞከርነው የቴአትር ዓይነት፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ እምነቱ የፈረሰበት አውሮፓዊ የወለደው ነው። እኛ እምነታችን አልፈረሰም። ድምቢያ ላይ ጎዶ ምን ይሠራል?» እያልሁ ግማሽ ሰዓት ያህል ፈጨሁበት።

ልጁ አንገቱን ደፍቶ በትሕትና ከሰማኝ በኋላ አንዲት ጥያቄ ጠየቀኝ። «መምህር፣ እኛስ አንጠብቅም?»

መልስ አጣሁ። ማጣቴ ሳይሆን፣ መልሱን ከሠላሳ ዓመት በላይ ሳውቀው መኖሬ ነው የከበደኝ።

መጀመሪያ ግን ታሪኩን በቅደም ተከተል ልንገራችሁ። ቤኬት ጎዶን በፈረንሳይኛ የጻፈው እ.ኤ.አ. በ1948 መገባደጃና በ1949 መባቻ ነው። ከዚያ በፊት በጦርነቱ ዘመን ከናዚ ጋር ከሚታገሉት አርበኞች ጋር በስውር ይሠራ ነበር። ቡድኑ ሲጋለጥ በ1942 ከፓሪስ አምልጦ ሩሲዮን በምትባል የደቡብ ፈረንሳይ መንደር ተደበቀ። ሁለት ዓመት ያህል እዚያ ቆየ። ምን ሲሠራ? ቀን ገበሬ ያግዛል፣ ከዚያ ይጠብቃል። ስለዚህ ጎዶ ሲጻፍ ደራሲው መጠበቅን ከመጽሐፍ አልተማረውም፤ በቁመቱ ጠብቆ ያየው ነገር ነው።

ተውኔቱ ፓሪስ፣ ባቢሎን በሚባል ትንሽ ቴአትር ቤት፣ በጥር 1953 ሲታይ ብዙ የተማረ ሰው ግራ ተጋባ። «ምንም አይፈጠርም እኮ!» አለ። ከአምስት ዓመት ገደማ በኋላ፣ በኅዳር 1957፣ አንድ የሳን ፍራንሲስኮ የቴአትር ቡድን ይህንኑ ተውኔት ሳን ኩዌንቲን ወደሚባለው የካሊፎርኒያ ወህኒ ቤት ይዞት ገባ። ተመልካቹ 1400 እስረኛ ነው። ተዋንያኑ ፈሩ። የፓሪስና የለንደን ምሁር ያልገባው፣ እነዚህ ወንበዴዎች እንዴት ሊገባቸው ነው? ብለው። እስረኛው ግን ጸጥ ብሎ እስከ መጨረሻው አየው። ማንም ሊያብራራለት አላስፈለገም። ማርቲን ኤስሊን «የአብሰርድ ቴአትር» የተባለውን ስም ያስለመደበትን የ1961 መጽሐፉን የሚከፍተው በዚህ ታሪክ ነው።

እኔ ይህን ታሪክ ለተማሪዎቼ ስንት ጊዜ ነግሬያለሁ! እንደ ቀልድ ነበር የምነግራቸው። «እስረኛ ከፕሮፌሰር በልጦ ገባው» ብዬ አስቃቸዋለሁ። ከዚያ ወደ ፈተናው ጥያቄ እሄዳለሁ።

አሁን ወደ አክስቴ ልምጣ። እትዬ ነበር የምንላቸው። አንድ ወንድ ልጅ ነበራቸው፤ ከኔ በአንድ ዓመት የሚበልጥ፣ አብረን ከብት የጠበቅን፣ አብረን አዘዞ ድረስ በእግር የሄድን። እኔ በ1979 ዓ.ም. የማትሪክ ፈተና አልፌ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ገባሁ። እሱ አላለፈም። በዚያው ዓመት ለብሔራዊ ውትድርና ተወሰደ። በሁለታችን መካከል የነበረው ልዩነት እንግዲህ ጥቂት የሂሳብ ጥያቄ ነው።

ከሰሜን ጦር ግንባር ሁለት ደብዳቤ ላከ። በ1980 ዓ.ም. የአፋቤቱ ጦርነት ሆነ። ከዚያ በኋላ ደብዳቤ አልመጣም።

እትዬ ከቤታቸው ፊት ለፊት፣ ከአዘዞ የሚመጣው መንገድ የሚታይበት አንድ ድንጋይ አለ፤ እዚያ መቀመጥ ጀመሩ። ድምቢያን የሚያውቅ ያውቀዋል። ሜዳው እንደ ጣና የተዘረጋ ነው። መኪና ገና ሩቅ ሳለ አቧራው ይታያል። አቧራው ይጠጋል፣ አውቶቡሱ ይቆማል፣ ሰው ይወርዳል፣ እሱ አይወርድም። በክረምት ደግሞ ዋልካው መንገዱን ይውጠውና አቧራም የለም። እሳቸው ግን እዚያው ናቸው። በ1983 ደርግ ሲወድቅ የተበተነው ወታደር በእግሩ እየተንጠባጠበ ሲገባ፣ ለሁሉም ውኃ ሰጡ፣ ሁሉንም ጠየቁ። አንዱ «አይቸዋለሁ» ይላል፣ ሌላው «ሱዳን ገብቷል» ይላል። ሞቷል ያለ የለም። መርዶ ካልመጣ ደግሞ ለቅሶ የለም፣ ፍትሐት የለም፣ ተዝካር የለም። እንዲህ ያለውን ሰው ታዲያ ምን ትሉታላችሁ? ያለቅስ ዘንድ አልተፈቀደለት፣ ይደሰት ዘንድ ምክንያት የለው።

«ዛሬ ባይመጣ ነገ ነው፣ የኔ ጌታ» ይሉኝ ነበር፣ ለዕረፍት ስሄድ።

እኔም ያኔ አዲስ አበባ፣ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ሆኜ፣ አንድ ብላቴና በየምሽቱ እየመጣ «ዛሬ አይመጣም፣ ነገ ግን ይመጣል» የሚልበትን ተውኔት አነባለሁ። በዳርቻው ላይ በእርሳስ «የአውሮፓ መንፈስ ቀውስ» ብዬ ጻፍሁ። መጽሐፉ አሁንም አለኝ። ጽሑፌን ባየሁት ቁጥር ያሳፍረኛል። ከዚያ በኋላ ለዓመታት ሳስተምረው፣ አንድም ቀን፣ አንድም ክፍል ውስጥ፣ የእትዬን ስም አላነሣሁም። ለምን? ዕውቀት ከባሕር ማዶ የሚመጣ ነገር ነዋ! የቆላ ድባ ድንጋይ ላይ የተቀመጡ ሴትዮ የፈተና ጥያቄ አይሆኑም።

ልጁ «እኛስ አንጠብቅም?» ሲለኝ የቆመብኝ ይኼ ነው። ሌክቸሬን አጠፍሁና «እስቲ እንየው» አልሁት።

ችግሩ ግን አላለቀም። መድረክን ወደ ፊልም መቀየር እንደ ልብስ ማሳጠር አይደለም። ቤኬት ራሱ ጎዶን ፊልም ላድርግልህ ላሉት እሺ አላለም። ሮማን ፖላንስኪ የሚያህል ዳይሬክተር ጠይቆት እንቢ ብሎታል። እ.ኤ.አ. በ1961 ቢቢሲ በቴሌቪዥን ሲያቀርበውም ደስ አላለውም፤ ተውኔቴ ለዚህ ሳጥን የሚሆን አይደለም፣ ትንንሽ ሰዎች በትልቅ ባዶ ቦታ ተዘግተው የሚታዩበት ነው ባይ ነበር። ይህን ለልጁ ስነግረው ቀና ብሎ ሜዳውን አየ። እኔም አየሁ። ትልቅ ባዶ ቦታ ከፈለገ እንግዲህ ድምቢያ አለለት!

ሌላው ችግር ጊዜ ነው። ቴአትር ቤት ውስጥ ሁለቱ ጎስቋሎች ሲጠብቁ እኛም አብረን እንጠብቃለን፤ ወንበሩ ይቆረቁረናል፣ እናዛጋለን። ፊልም ግን መቀስ አለው። «ከሦስት ሰዓት በኋላ» ብሎ በአንድ ቆረጣ ያልፈዋል። መጠበቅን ቆርጠህ ካሳየኸው ደግሞ መጠበቅ መሆኑ ቀረ። ስለዚህ እንዲህ ያለውን ተውኔት ወደ አጭር ፊልም የሚያወርድ ሰው ሌላውን ሁሉ፣ ንግግሩን፣ ዕቃውን፣ ሙዚቃውን መቀነስ ይችላል። ጊዜውን ግን መንካት የለበትም። ካሜራው ዝም ብሎ መቆም አለበት፤ ተመልካቹ እስኪቁነጠነጥ ድረስ።

ሦስተኛው ነገር፣ በፊልም ካሜራው ራሱ ሰው ይሆናል። ይህን ያሳየን ቤኬት ነው። ለፊልም ብሎ የጻፈው አንድ ሥራ ብቻ ነው፤ ስሙም «ፊልም» ይባላል። በ1964 ክረምት ኒውዮርክ ተቀረጸ፤ ዳይሬክተሩ አለን ሽናይደር፣ ተዋናዩ የድምፅ አልባው ዘመን ኮሜዲያን በስተር ኪተን ነው። ሃያ ደቂቃ ያህል በሚፈጀው ፊልም ውስጥ የሚሰማው ድምፅ አንዲት «ሽሽ!» ብቻ ናት። አንድ ሰው ከመታየት ይሸሻል፤ የሚያሳድደው ካሜራው ነው። ከዚያም በ1966 ማሪን ካርሚትስ የተባለ ወጣት፣ የቤኬትን «ጨዋታ» የተሰኘ አጭር ተውኔት ደራሲው ራሱ እያገዘው ፊልም አደረገው። በመድረኩ ላይ ሦስት ሰዎች እስከ አንገታቸው ጋን ውስጥ ገብተው፣ አንድ የመብራት ጨረር ፊታቸው ላይ ሲያርፍ ብቻ ይናገራሉ፤ መብራቱ እንደ መርማሪ ፖሊስ ነው። አንቶኒ ሚንጌላ በ2001 ይህንኑ ተውኔት እንደገና ሲሠራው መብራቱን ትቶ ካሜራውን መርማሪ አደረገው፤ ወደ ፊታቸው ይጠጋል፣ ይሸሻል፣ የሌንሱ ድምፅ ሳይቀር ይሰማል። ይህ የሆነው አሥራ ዘጠኙን የቤኬት ተውኔቶች በአንድነት ፊልም ባደረጉት በአየርላንዶች ዕቅድ ውስጥ ነው። ያን ጊዜ ጎዶም ተቀረጸ፤ ቤኬት ካረፈ ከአሥራ ሁለት ዓመት ገደማ በኋላ መሆኑ ነው።

ታዲያ በኛ አገርስ? ቴአትራችን ገና ሲወለድ የተላመደ ነው። ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1913 ዓ.ም. ገደማ «ፋቡላ»ን ሲጽፉ እንስሳትን ያናገሩት የላፎንቴንን ተረት መነሻ አድርገው ነው። እንስሳቱ ስለ መኳንንቱ ብልሹነት ተናግረው ስለ ተገኙ ተውኔቱ ታገደ። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ሼክስፒርን አማርኛ አናገረው። መንግሥቱ ለማ የእንግሊዙን ፕሪስትሊ «ጠያቂ» ብሎ ወደኛ አመጣው። ማላመድ እንግዲህ አዲስ ነገር አይደለም። ብቻ ሁሉም ከቃል ወደ ቃል ነው። ፊልማችንም ቢሆን ከቴአትር ቤት ስለ ወጣ ነው መሰል ወሬኛ ነው። በ1990ዎቹ የቪዲዮ ፊልም ሲጎርፍ አንዱ ገጸ ባሕርይ በር ከፍቶ ሲገባ «በሩን ከፍቼ ገባሁ» ለማለት ምንም አይቀረው ነበር።

ከቃል ወደ ምስል የተሻገረው ሰው ግን ሩቅ አይደለም፤ ጎንደር ነው። ኃይሌ ገሪማ በ1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ ስለ አርበኞች የጻፉ፣ ተውኔት እየደረሱ የሚያሳዩ መምህር ነበሩ፤ ልጁም ያደገው በዚያ የቴአትር ጓዳ ነው። እ.ኤ.አ. በ1967 ቺካጎ የሄደው ቴአትር ሊማር ነበር። በኋላ ነው ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግሮ ፊልም የተማረው። በ1976 ዓለም ያየውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ለዕረፍት አገሩ ገብቶ፣ ንጉሡ በሚወርዱበት ሰሞን፣ በጥቁርና ነጭ፣ በሳምንታት ውስጥ ቀረጸው። ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። ገበሬው ያርሳል፤ ካሜራው አይቸኩልም። ባለርስቱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ይጮኻል፤ ገበሬው ዝም ይላል። የዝምታው ርዝመት ነው ነገሩን የሚነግራችሁ። በ2008 ያወጣው «ጤዛ» ላይ ደግሞ ከአውሮፓ የተመለሰ ምሁር የጣና አካባቢ መንደሩ ገብቶ፣ ልጆቻቸው ለጦርነት የሚታፈሱባቸውን እናቶች ያያል። ፊልሙ ዞሮ ዞሮ ወደ እትዬ ድንጋይ ይመጣል ማለት ነው። ሳየው ከአዳራሹ ቶሎ ወጥቼ ብቻዬን ሄድሁ።

እናላችሁ፣ ለልጁ ይህን ሁሉ ነገርሁት። በመጨረሻ አንድ ነገር መከርሁት። «ጎዶን ተወው። ተውኔቱ ባለቤት አለው፤ ወራሾቹ ቀልድ አያውቁም። ደራሲውም በሕይወቱ ሳለ፣ በ1988፣ ጎዶን በሴቶች እንሥራው ያሉ የሆላንድ ሰዎችን ፍርድ ቤት አቁሟቸዋል። ዳኛው ለቡድኑ ፈረደ፤ እሱ ግን አልተቀበለውም።»

«እኔ እኮ አንዲት ሴት ብቻ ላደርጋት ነበር ያሰብሁት» አለ ልጁ፣ ክፍት ብሎት።

«አድርጋት። መጠበቅ ላይ ማንም የባለቤትነት መብት የለውም።» ሱዛን ሶንታግም በ1993 የተከበበችው ሳራዬቮ ገብታ፣ በሻማ ብርሃን ጎዶን ስታሳይ ሴቶችንም ወንዶችንም ደባልቃ ነበር። ከተማው ውስጥ የሚጠብቀው ወንድ ብቻ አልነበረማ።

ልጁ በስልኩ ቀረጸው። አንዲት ጎረቤታችን ድንጋይ ላይ ተቀመጡ። ካሜራው ከሩቅ፣ ሜዳውን ሁሉ ይዞ ቆመ። ስምንት ደቂቃ፣ ሦስት ቆረጣ ብቻ። አቧራ ይነሣል፣ ይጠጋል፣ ያልፋል። ሴትዮዋ እጃቸውን አጣጥፈው ያያሉ። አለቀ። እኔ ወደድሁት። ቤኬትን አስታወሰኝ፤ አዎ፣ አሁንም ባሕር ማዶውን!

አንድ ምሽት መብራት ባለበት ቀን አንድ ግቢ ውስጥ ግድግዳ ላይ ነጠላ ሰቅለን በፕሮጀክተር አሳየነው። ሃያ ሰው ቢሆን ነው፤ አብዛኞቹ እናቶች። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልላችን በተነሣው ግጭት መንገድ ሲዘጋ፣ ስልክ ሲጠፋ፣ ከተማ የሄደ ልጅ ይግባ አይግባ ሳይታወቅ ሲመሽ ያመሹ ሰዎች ናቸው። «ማንን ነው የምትጠብቀው?» ብሎ የጠየቀ አንድም ሰው የለም። ሳን ኩዌንቲን ትዝ አለኝ።

ሲያልቅ ግን አንዲት አሮጊት ተቆጡ።

«ይኼ ምኑ መጠበቅ ነው?»

ልጁ ደነገጠ። «ምነው፣ እማማ?»

«ሴት እጇን አጣጥፋ ትጠብቃለች እንዴ? እንዲያማ አንድ ቀንም አትውል፤ ታብዳለች። እንዝርት ስጧት እንጂ!»

ሌሎቹም «እውነታቸውን ነው!» አሉ። አንዷ «ጥጥም ትፍተል፣ ምስርም ትልቀም» አለች። ተሳሳቁ። እኔ ግን ባለሁበት ቀረሁ። እትዬ እንዝርት ነበራቸው! እንዴት ረሳሁት? ድንጋዩ ላይ ተቀምጠው ዓይናቸው መንገዱ ላይ ነው፤ እጃቸው ግን አንድ ቀን ሥራ ፈትቶ አያውቅም። ይፈትላሉ። አውቶቡሱ ሲጠጋ እንዝርቱ ይቆማል። ሰው ወርዶ ሲያበቃ እንደገና ይሽከረከራል። የቤኬት ጎስቋሎችም ቢሆኑ እኮ ዝም ብለው አይቆሙም፤ ጫማ ያወልቃሉ፣ ባርኔጣ ይለዋወጣሉ፣ ካሮት ይበላሉ፣ ይጣላሉ፣ ይታረቃሉ። ተውኔቱ በሙሉ ጊዜን የመግፊያ ሥራ ነው። ያን ሁሉ ዓመት ሳስተምረው «ምንም አይሠሩም» ስል ነበር። አሮጊቷ በአንድ ምሽት አረሙኝ።

በሳምንቱ ፊልሙ እንደገና ተቀረጸ። ያው ድንጋይ፣ ያው መንገድ፣ ያው ስምንት ደቂቃ። አሁን ግን ሴትዮዋ ይፈትላሉ። ንግግር የለም፤ የሚሰማው ነፋሱና እንዝርቱ ነው። አቧራው ሲነሣ እንዝርቱ ይቆማል። መኪናው ሲያልፍ ይቀጥላል። ልጁ ያሳጠረው ተውኔት በመጨረሻ ይህን ብቻ ሆነ፤ የሚቆምና የሚሽከረከር እንዝርት። ይህን የነገሩን ደግሞ ቤኬትም እኔም አይደለንም።

እትዬ በ1991 ዓ.ም. አረፉ። በፈተሉት ጥጥ ለልጃቸው ጋቢ አሠርተውለት ነበር። ሲመጣ ይለብሰዋል ብለው ሣጥን ውስጥ አኖሩት። ቤቱ ሲፈርስ ጋቢው ወደ እናቴ ዞረ፣ ከእናቴ ወደኔ። ልጁ ለፊልሙ ዕቃ ሲፈልግ አውጥቼ አሳየሁት።

«ይሁን?» አልሁት።

ዳሰስ አደረገውና አሰበ።

«አይ፣ መምህር» አለኝ። «ይኼስ የሰው ነው። ይቀመጥለት።»

መልሼ ሣጥኑ ውስጥ አስገባሁት።